ጭሱን አይታችሁ ክሱን አትለፉት

ይድረስ ለጋዜጣው ዝግጅት ክፍል
አዲስ አበባ

ጉዳዩ፦ በጋንጃ ኮሜዲ ተከታይ ፊልሞች ውስጥ ስላለው ፖለቲካዊ ስላቅ

የተከበራችሁ አዘጋጆች፣

ፒያሳና አራት ኪሎ አካባቢ የፊልም ጽሑፍ በመጻፍና በማረም የምንተዳደር ባለሙያዎች ነን። ይህን ደብዳቤ የጻፍነው በጥበብ ገጾቻችን ላይ ሥር የሰደደ አንድ የተሳሳተ ፍርድ እንዲታረም ስለምንፈልግ ነው። ሁለት ወጣቶች ጋንጃ እያጨሱ ሲንከራተቱ የሚያሳዩ የአሜሪካ ኮሜዲዎች በተነሡ ቁጥር «ትውልድ አበላሽ» ተብለው በአንድ መስመር ይታለፋሉ። ተከታዮቻቸውማ ከነጭራሹ የሚያያቸው የለም፤ «ክፍል 2 ያው ገንዘብ ለመልቀም ነው» ይባላል። ጋንጃን ማሞገስ የእኛ ጉዳይ አይደለም። በሹምና በመሥሪያ ቤት ላይ እንዴት እንደሚሳቅ መማር ለሚፈልግ ጸሐፊ ግን ከእነዚህ ተከታይ ፊልሞች የበለጠ አሠራሩን ገልጦ የሚያሳይ አላገኘንም። የእኛ ከተማ ኮሜዲ ጸሐፊዎች ይህን ትምህርት ሳያገኙ በመቅረታቸው እናዝናለን።

አሠራሩ ይህ ነው። ጀግናው በትንሽ ነገር በእርግጥ ጥፋተኛ ነው፤ መንግሥት ግን በትልቅ ነገር ይከሰዋል። ፖለቲካው ያለው በሁለቱ መካከል ባለው ርቀት ላይ ነው። ወጣቱ ምንም ያላጠፋ ንጹሕ ከሆነ ታሪኩ የለቅሶ ድራማ ይሆናል፤ ተመልካቹ ያዝናል እንጂ አይስቅም። በትልቁም ነገር ጥፋተኛ ከሆነ የወንጀል ፊልም ነው። ጋንጃው የገባው ለዚህ ነው፦ ጥፋቱን ትንሽ፣ ግልጽና የማይካድ ያደርገዋል። የጦዘ ሰው ደግሞ ሤራ አያቀነባብርም፤ ሐሳቡ ዝግ ያለ፣ ፍላጎቱም ቅርብ ነው። ስለዚህ ከፊቱ የተቀመጠው ሹም ምንም ሳያጨስ የሚያስበው ነገር ጎልቶ ይወጣል። በደንብ በተጻፈ የጋንጃ ኮሜዲ የሚሳቀው ባልጦዘው ሰው ላይ ነው። ገምጋሚዎቻችን ጭሱን ብቻ ሲያዩ ይህን ሰው ያልፉታል።

ዘርፉን በሰፊው ያስተዋወቀው በ1978 የወጣው የቺችና ቾንግ «አፕ ኢን ስሞክ» ነው (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጆቹ አቆጣጠር እንጽፋለን)። ቺች ማሪን የሜክሲኮ ዝርያ ያለው አሜሪካዊ፣ ቶሚ ቾንግ ደግሞ አባቱ ቻይናዊ የሆነ ካናዳዊ ነው። በዚያ ፊልም የኢሚግሬሽን ፖሊሶች አንድ ቤት ወርረው ያገኙትን ሰው ሁሉ ጭነው ድንበር ያሻግራሉ። የጠቆሙት ግን የቤቱ ሰዎች ራሳቸው ናቸው። የሜክሲኮዋ ቲኋና ከተማ ውስጥ ሠርግ አለባቸው፤ መንግሥት በነጻ እንዲያደርሳቸው ስልክ ደወሉ። አንድም ሰው ስለ ስደት ፖሊሲ ንግግር አያደርግም፤ መንግሥት የሚያስፈራራበት ነገር በሕዝቡ እጅ አገልግሎት ሆኖ ሲገኝ እናያለን። በዚሁ ፊልም ስቴደንኮ የሚባለው ፖሊስ ገላዋ ከጋንጃ የተሠራች መኪና ሲያሳድድ ቆይቶ፣ መኪናዋ ድንበሩን ስታልፍ ሌላ መኪና ይፈትሻል። በ1981 በወጣው ሦስተኛው ፊልም «ናይስ ድሪምስ» ስቴደንኮ ተመልሶ ይመጣል፤ አሁን ግን ራሱ እያጨሰ ቀስ በቀስ ወደ እንሽላሊትነት ይለወጣል።

ተከታይ ፊልም የሚያስገኘው ጥቅም እዚህ ላይ ይታያል። የመጀመሪያው ፊልም ሁለቱን ወጣቶች፣ ሰፈራቸውን፣ አነጋገራቸውን ለማስተዋወቅ በመቶ ገጽ ጽሑፍ ውስጥ ከ20 እስከ 25 ገጽ ይፈጅበታል። ተከታዩ ይህ ወጪ የለበትም፤ ተመልካቹ ሰዎቹን ያውቃቸዋል፣ በዐሥረኛው ገጽ ክሱ ሊጀመር ይችላል። የተረፉት ገጾች የት ዋሉ የሚለው ጥያቄ ጥሩውን ክፍል 2 ከመጥፎው ይለያል። መጥፎው በጭስ፣ በጩኸትና በመኪና ግጭት ይሞላቸዋል። ጥሩው ለመሥሪያ ቤቱ ይሰጣቸዋል።

በዚህ ረገድ በቅርበት መታየት ያለበት «ሃሮልድና ኩማር ከጓንታናሞ ቤይ አመለጡ» የተባለው የ2008 ፊልም ነው፤ ጓንታናሞ ኩባ ውስጥ ያለው የአሜሪካ ጦር እስር ቤት ነው። ጸሐፊዎቹና አዘጋጆቹ ጆን ሀርዊትዝና ሄይደን ሽሎስበርግ ናቸው። በ2004 የወጣው የመጀመሪያው ክፍል ኮሪያዊ ዝርያ ያለው ሃሮልድና ሕንዳዊ ዝርያ ያለው ኩማር የተባሉ ሁለት አሜሪካውያን ወጣቶች ሌሊቱን ሙሉ ሃምበርገር ፍለጋ ሲዞሩ ያሳያል፤ በሲኒማ ቤት መጠነኛ ገበያ አግኝቶ ቆየት ብሎ በዲቪዲ ተወደደ። የመጀመሪያው ፊልም በ9 ሚሊዮን ዶላር አካባቢ፣ ተከታዩ በ12 ሚሊዮን አካባቢ ነው የተሠሩት። በሆሊውድ ሚዛን ሁለቱም ርካሽ ናቸው። ገንዘቡን የምናነሣው ያለ ምክንያት አይደለም፤ ከዚህ ፊልም የምንመርጣቸው ትዕይንቶች አንድ ጠረጴዛና አምስት ሰው ብቻ የሚጠይቁ ናቸውና።

ተከታዩ የሚጀምረው የመጀመሪያው ያቆመበት ላይ ነው። ሁለቱ ወደ አምስተርዳም ሊበርሩ ነው። በአየር ማረፊያው ኩማር ለተጨማሪ ፍተሻ ሲጠራ «በመልኬ ነው የመረጥከኝ» ብሎ ጠባቂው ላይ ይጮኻል። ጠባቂው ራሱ ጥቁር ነው። ጩኸቱ ይሠራለታል፤ ያልፋል። ጋንጃውም አብሮት ያልፋል። ጸሐፊዎቹ እዚህ ቦታ ላይ ያደረጉትን ልብ በሉ፤ በቀሪው ፊልም የዘር መድልዎ እውነተኛ ሆኖ ሊመጣ ነው፣ ነገር ግን መጀመሪያ ጀግናው ራሱ መድልዎን ለማምለጫ ሲጠቀምበት አሳዩን። ትንሹ ጥፋት ተመዘገበ። ቀጥሎ አውሮፕላኑ ውስጥ ኩማር ጭስ የማያወጣ የማጨሻ ዕቃ ይዞ መጸዳጃ ቤት ሊገባ ሲል አንዲት አሮጊት ተሳፋሪ አይታው በሐሳቧ ጢምና ጥምጥም ታለብሰዋለች። ዕቃው ቦምብ ነው ተባለ። ጥፋቱ በበረራ ላይ ማጨስ፣ ክሱ ሽብር። ከዚያ በኋላ ያለው ሁሉ ከዚህ ርቀት ይመነጫል።

መርማሪው ሮን ፎክስ ይባላል፤ የሚጫወተው ሮብ ኮርድሪ ነው። አንድ ሕንዳዊና አንድ ኮሪያዊ መልክ አብረው ሲያይ አልቃይዳና ሰሜን ኮሪያ ተባበሩ ብሎ ይደመድማል። የሃሮልድ ወላጆች ይጠራሉ። አስተርጓሚ ተቀምጧል። ወላጆቹ የሚናገሩት ጥርት ያለ እንግሊዝኛ ነው፤ አስተርጓሚው ግን አልገባኝም፣ የማላውቀው ዘዬ ነው ይላል። ፎክስም አስተርጓሚውን ያምናል። ይህን ትዕይንት ለሠልጣኞች ደጋግመን እናሳያለን፤ ምክንያቱም ቀልዱ በፎክስ ሞኝነት ላይ ብቻ የቆመ አይደለም። «የውጭ መልክ ሲመጣ አስተርጓሚ ይቀመጣል» የሚል አሠራር አለ፤ አስተርጓሚው ከተቀመጠ ደግሞ ሥራ ሊኖረው ይገባል። እውነቱ ጆሮ ሥር እየተነገረ አሠራሩ ይቀጥላል። ሰው ተቀይሮ ሌላ ሹም ቢቀመጥም ትዕይንቱ ይሠራል። ስላቅ ዕድሜ የሚያገኘው እንዲህ ሲሆን ነው።

በክፍሉ ውስጥ ቢቸር የሚባል ሌላ ባለሥልጣን አለ። ነገሩ ስህተት መሆኑን ያያል፣ ይናገራል፣ አይሰማም። ብዙ ጀማሪ ጸሐፊዎች ይህን ሰው ይረሱታል፤ መሥሪያ ቤቱን በሙሉ በጅል ይሞሉታል። ያኔ ተመልካቹ «የእኛ ሰዎች እንዲህ አይደሉም» ብሎ ራሱን ያወጣል። አዋቂው በክፍሉ ውስጥ ተቀምጦ ሳይሰማ ሲቀር ግን ጉዳዩ የአእምሮ ማነስ መሆኑ ቀርቶ የሥልጣን አወቃቀር ይሆናል።

ሌላው የምንወደው ግንኙነት ከበርሚንግሃም ይነሣል። ሁለቱ ወጣቶች አላባማ ውስጥ በጥቁሮች ሰፈር መኪናቸው ተጋጭቶ ይቆማል። ጥቂት ጥቁር ወንዶች የጥገና መሣሪያ ይዘው ሲመጡ ደንግጠው ይሮጣሉ። ሰዎቹ የመጡት ሊረዷቸው ነበር። ከመካከላቸው አንዱ የጥርስ ሐኪም ነው፤ ቆይቶ ፎክስ ይህንኑ ሐኪም ሲመረምር ያናግረኛል ብሎ የወይን ጣዕም ያለው ለስላሳ እያየው መሬት ላይ ያፈስሳል። ጥቁሮች ይህን መጠጥ አይተው አያልፉም ማለት አሜሪካ ውስጥ የቆየ ንቀት ነው። ሁለቱ ወጣቶች መንገድ ላይ በፍርሃት ያደረጉትን ፎክስ በመታወቂያና በቢሮ ያደርገዋል። ጸሐፊዎቹ ጀግኖቻቸውን ከጥፋቱ አላወጧቸውም፤ የመንግሥትን በደል ከተራው ሰው ጭፍንነት ጋር በአንድ ክር አሰሩት።

ይህን ሁሉ ያመሰገንነውን ያህል ፊልሙ የወደቀበትንም መናገር አለብን፤ ውድቀቱ ያስተምራልና። ጓንታናሞ የተከፈተው በጥር 2002 ሲሆን እዚያ ከተያዙት አብዛኞቹ ክስ ሳይመሠረትባቸው ዓመታትን አሳልፈዋል። ፊልሙ ስሙን በርዕሱ ላይ ያደረገውን ይህን እስር ቤት በጥቂት ደቂቃ ይጨርሰዋል። ሌሎቹ እስረኞች ድምፅ የላቸውም ማለት ይቻላል፤ እዚያ ያሉት ቀልዶችም በእስረኛ ላይ በሚፈጸም ጾታዊ ጥቃት ላይ የተመሠረቱ ናቸው። ይህ አሳፋሪ ነው፤ ሳቁ ከወንበሩ ወርዶ መሬት ላይ የተቀመጠው ሰው ላይ ዐረፈ። ሁለተኛው ውድቀት መጨረሻው አካባቢ ነው። ወጣቶቹ ቴክሳስ በሚገኘው የፕሬዚዳንት ቡሽ ግቢ ይወድቃሉ፤ በጄምስ አዶሚያን የተሠራው ቡሽ አብሯቸው አጭሶ ምሕረት ይሰጣቸዋል። ፊልሙ የታየው በሚያዝያ 2008 ነው፤ ሰውየው ገና ሥልጣን ላይ ነበር፣ እስከ ጥር 2009 ድረስም ቆይቷል። በሥልጣን ላይ ያለን መሪ እንዲህ ማሳየት ድፍረት ነው። ግን ክሱን የፈጠረው አሠራር ሳይነካ በአንድ ደግ ሰው በጎ ፈቃድ ተፈታ። «ሰማይ አይታረስ፣ ንጉሥ አይከሰስ» የምንለውን እነሱም በሌላ መንገድ አሉት። ከዓመታት በኋላ የቡሽ ቀልዶች ማብራሪያ ሲፈልጉ የአስተርጓሚው ትዕይንት አሁንም ያለ ማብራሪያ ያስቃል። በ2011 በ3ዲ የወጣው ሦስተኛው ክፍል ደግሞ ከሳሽ መንግሥት የለውም፤ ጩኸቱ ጨምሮ ስላቁ ሳሳ።

መንግሥታቸው እነዚህን ፊልሞች እንደ ተራ ነገር አልቆጠራቸውም። ቶሚ ቾንግ በ2003 የማጨሻ ዕቃ በኢንተርኔት በሚሸጥ ድርጅት ሰበብ ተከስሶ 9 ወር እስራትና 20,000 ዶላር ቅጣት ተፈረደበት፤ ዐቃብያነ ሕጉ እንዲታሰር ሲከራከሩ በፊልሞቹ ያገኘውን ሀብትና በሕግ አስከባሪዎች ላይ ያደረገውን ቀልድ አንሥተዋል። በአንጻሩ ኩማርን የተጫወተው ካል ፔን በ2009 በዋይት ሐውስ የሕዝብ ግንኙነት ጉዳዮች ቢሮ ተቀጥሮ ሠርቷል።

መንግሥት በቀጥታ በማይታይበት ጊዜም ተከታይ ፊልም ማኅበራዊ ትችት ሊሸከም እንደሚችል የሚያሳየው አይስ ኪዩብ የጻፈውና የተወነበት «ፍራይዴይ» ነው። የ1995ቱ ክፍል በደቡብ ሎስ አንጀለስ አንድ ሰፈር ውስጥ በአንድ ቀን ያልቃል፤ ችግሩ ለጋንጃ ሻጭ የሚከፈል 200 ዶላር ነው። የ2000ው «ኔክስት ፍራይዴይ» ጀግናውን ዳር ከተማ ወዳለ አዲስ ሰፈር ይወስደዋል። አጎቱ ሎተሪ ደርሶት ቤት ገዝቷል፤ ግን የቤት ግብር ስላልተከፈለ ቤቱ ለሐራጅ ሊወጣ ነው። በ2002ቱ ሦስተኛ ክፍል የቤት ኪራዩ ብር ይሰረቃል፣ ወጣቶቹም የገበያ ማዕከል ጥበቃ ሆነው ይቀጠራሉ። ዕዳ፣ ግብር፣ ኪራይ። ሦስቱን ፊልሞች በተከታታይ ያየ ሰው የአንድን መደብ ኑሮ በገንዘብ ልክ ይከተላል። ለአዲስ አበባ የሚቀርበው ይህኛው መንገድ ይመስለናል፤ ምክንያቱም ከመሀል ከተማ ተነሥቶ ዳር ላይ አዲስ ኑሮ መጀመር የብዙ ሰው ታሪክ ሆኗል።

እንግዲህ እዚህ እንዴት ይሠራ? በመጀመሪያ ጋንጃውን እዚያው እንተወው። በሕግ የተከለከለ ከመሆኑም በላይ የእኛ ተመልካች በብዛት የሚያውቀው ስካር ሌላ ነው። ጫት ሕጋዊ ነው፤ ለአገሪቱ የውጭ ምንዛሪ ከሚያስገኙት ዋና ዋና ምርቶች አንዱ ነው፤ በዚያው ልክ በየሰፈሩ ይወገዛል። ይህ ቅራኔ ብቻውን ለስላቅ ይበቃል። ግን የውጭውን ፊልም ገልብጦ ጋንጃውን በጫት የሚተካ ጸሐፊ ይወድቃል፤ ሞተሩ የተለያየ ነውና። ጋንጃ ያስርባል፣ ያዘገያል፤ ስለዚህ የእነሱ ፊልሞች በምግብ ፍለጋ ይንቀሳቀሳሉ። ጫት የምግብ ፍላጎት ይዘጋል፣ ያናግራል፣ ዕቅድ ያስወጣል። ምርቃና ላይ ያለ ሰው በርገር ፍለጋ ከቤት አይወጣም፤ ቁጭ ብሎ ድርጅት ያቋቁማል። የእኛ ኮሜዲ ሞተር ረሃብ ሳይሆን ዕቅድ ነው።

ሰዓቱም ይመቻል። በርጫ ከምሳ በኋላ፣ 8 ሰዓት ላይ ቢጀመር ምርቃናው ወደ 10 ሰዓት ተኩል ገደማ ይጠነክራል። የመንግሥት ቢሮ የሚዘጋው 11 ሰዓት ተኩል ነው። ስለዚህ ታላቁ ዕቅድ በተወለደ በአንድ ሰዓት ውስጥ መስኮቱ ይዘጋል። ከዚያ ጨብሲ አለ፣ ከጨብሲ በኋላ ዱካክ አለ፣ ጠዋት ደግሞ ያ ዕቅድ በወረቀት ላይ ተጽፎ ይገኛል። ተመልካቹ እያንዳንዱን ደረጃ ያውቀዋል፤ ማስተዋወቂያ ገጽ አያስፈልግም። ደረጃውን ማፋለስ ግን ይቅር የማይባል ስህተት ነው። ገና የጫቱን እንጨት ሲቀነጥብ የመረቀነ ተዋናይ ያየ አዳራሽ ፊልሙን ከዚያ በኋላ አያምነውም።

ለምሳሌ ያህል አንድ ክፍል 2 እንዘርጋ። በመጀመሪያው ፊልም ፒያሳ ያወቅናቸው ሁለት ጓደኛሞች ዳር ከተማ ኮንዶሚኒየም ገብተዋል። የብሎኩ ኮሚቴ በሕንፃው ውስጥ መቃም ክልክል ነው ብሏል፤ እነሱ መጋረጃ ዘግተው ይቅማሉ። ትንሹ ጥፋት ይኸው ነው፣ አይካድም። ምርቃና ላይ የጭማቂ ቤት ዕቅድ ያወጣሉ። ወረቀቱ ላይ አራት አደባባዮች ተሥለዋል፣ ከየአደባባዩ ቀስት ወጥቷል፣ ጥጉ ላይ «ጠዋት 1 ሰዓት፣ ሁሉም በአንድ ጊዜ» ተብሏል። አንድ የኮሚቴ አባል ወረቀቱን ደረጃው ላይ ወድቆ ያገኛል። ዝግ መጋረጃ፣ አራት ጥንድ ጫማ በር ላይ፣ ካርታ፣ ሰዓት። ኅቡዕ ስብሰባ ተባለ። ወጣቶቹ ማንነታቸውን በመታወቂያ ያስረዱ ሲባል የአዲሱ ወረዳ መታወቂያ የላቸውም፤ እሱን ለማውጣት ከቀድሞው ወረዳ መሸኛ ይጠየቃሉ፤ መሸኛውን ለማግኘት ያልታደሰው መታወቂያ መታደስ አለበት፤ ለማደስ ደግሞ ነዋሪነታቸው እዚያ አይደለም ይባላሉ። ይህን ክብ መፍጠር አያስፈልግም፤ መሸኛ የጠየቀ ሰው ሁሉ ቢያንስ ግማሹን ያውቀዋል።

ከዚህ በኋላ ያለው የመሰላል ሥራ ነው። 95 ገጽ ብንል ትንሹ ጥፋት እስከ 8ኛው ገጽ ይታይ፤ ክሱ ከ12ኛው አይዘግይ። ከዚያ በየ10 እና 12 ገጹ ክሱ አንድ ደረጃ ይውጣ፦ ከኮሚቴ ወደ ወረዳ፣ ከወረዳ ወደ ክፍለ ከተማ፣ ከዚያ ወደ ከተማ። በየደረጃው የጭማቂ ቤቱ ወረቀት አዲስ ማኅተምና አዲስ ስም ያግኝ። ኮሚቴው ጋ «ወረቀት» የነበረው ወረዳው ጋ «ሰነድ»፣ ክፍለ ከተማው ጋ «ማስረጃ» ይሁን። ደረጃ መዝለል ትልቁ ጠንቅ ነው፤ ከኮሚቴው በቀጥታ ሚኒስትር ዘንድ ከተደረሰ ተመልካቹ ቀልድ መሆኑን ያውቅና ይዘናጋል። እያንዳንዱ ሹም ወረቀቱን ወደ ላይ የሚገፋበት ምክንያት ይኑረው፣ ምክንያቱም ሰውኛ ይሁን፤ አንዱ ኃላፊነት ፈርቶ፣ አንዱ ጡረታው ደርሶ፣ ሌላዋ ከእሷ በፊት የነበረው ሰው ወረቀት ይዞ በመቆየቱ ስለተገመገመ። «ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል» የሚለውን ሹም ሁላችንም እናውቀዋለን፣ በየፊልሙም ደክሟል፤ ሳይበላ፣ ሳይሰርቅ፣ በፍርሃት ብቻ ሰው የሚያንገላታው ሹም ገና አልተጻፈም።

አማርኛ እዚህ ላይ ለጸሐፊው የሚያበረክተው ትልቅ ነገር አለ። ወረዳው ላይ «ና አንተ» የተባለ ወጣት ክሱ ሲከብድ «ይቀመጡ» ይባላል። ክፍለ ከተማው ላይ ውሃ ይቀርብለታል፤ ከተማው ላይ ወንበር ይሳብለታል። መከበሩ ከወንጀሉ መጠን ጋር ሲያድግ የሥልጣን ፍርሃት ያለ አንድ ቃል ማብራሪያ ይታያል። ተዋናዩ ለውጡን እንዳያጎላው ብቻ ይነገረው፤ በመደበኛ ድምፅ ሲነገር ነው የሚያስቀው።

በሌላ አፍ ተጠልሎ ሹምን መተቸት ለእኛም እንግዳ አይደለም። ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም በ20ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ የጻፉት «ፋቡላ፦ የአውሬዎች ኮሜዲያ» የዘመኑን ሹማምንት በአውሬዎች አፍ ሲናገር በመኳንንቱ ፊት ታይቶ ታገደ። በእኛ ዘመን በረከት በላይነህ ጽፎት ግሩም ዘነበ ብቻውን የተወነው «እያዩ ፈንገስ» በዕብድ አፍ ተናግሯል፤ «ቧለቲካ» በተባለው ተከታዩም ወደ ፖለቲካው ይበልጥ ቀርቧል። አውሬና ዕብድ የሚናገሩትን የመረቀነ ሰው የማይናገርበት ምክንያት የለም። ልዩነቱ ዕብዱ በቀጥታ ለተመልካች ሲናገር የመረቀነው መናገር የለበትም፤ የእሱ ድርሻ ዕቅዱን በቅንነት ማብራራት ነው። ስለ አገር አንድ ገጽ ንግግር የተሰጠው የመረቀነ ጀግና የጸሐፊው አፈ ቀላጤ ይሆናል፤ እንዲህ ያለውን ገጽ ስናርም እንሰርዘዋለን።

የከተማችን ኮሜዲዎች በተለይ የሚወድቁበትን ሳንጠቅስ ማለፍ አንችልም። በጥበቃ ሠራተኛ፣ በቤት ሠራተኛ፣ ከገጠር በመጣ ሰው ዘዬ ላይ መሳቅ በዝቷል። ጓንታናሞ ላይ ያወገዝነው ስህተት ይኸው ነው። ቀላል መፈተሻ አለ፦ ከትዕይንቱ ጫቱንና ምርቃናውን አውጡና ጽሑፉን እንደገና አንብቡት። ወንበር ላይ የተቀመጠው ሰው አሁንም የሚያስቅ ከሆነ ስላቁ ቦታው ላይ ነው። የሚያስቀው የቆመው ሰው ብቻ ከሆነ እንደገና ይጻፍ።

ስለ ርዝመት አንድ ነገር። አንድ ገጽ አንድ ደቂቃ የሚለው ልማድ የምርቃና ንግግር ላይ አይሠራም፤ ተዋናዩ ስለሚፈጥን ገጹ በ40 ሰከንድ ሊያልቅ ይችላል። የቢሮ ትዕይንት ደግሞ በተቃራኒው ይረዝማል፤ ማኅተም ይፈለጋል፣ ፋይል ይገለጣል። ስለዚህ ጽሑፉ ከመቀረጹ በፊት በሰዓት ተይዞ ጮክ ተብሎ ይነበብ። የአዲስ አበባ አዳራሽ ሲስቅ ጮክ ብሎ ነው፣ አስተያየትም ይሰጣል፤ ከትልቅ ሳቅ በኋላ ባሉት ሁለትና ሦስት ሰከንዶች ውስጥ ለታሪኩ የሚያስፈልግ ቃል አይቀመጥ። «ወረቀቱ ወደ ክፍለ ከተማ ሄዷል» የሚለው ዓረፍተ ነገር በሳቅ ከተዋጠ ቀሪው ግማሽ ሰዓት አይገባም። ቦታው ላይ እጅ፣ ፊት፣ ማኅተም ያሳዩ፤ ቃሉ ከዚያ ይምጣ። የሹማምንቱ ስም አይጠራ፣ የሥራ መደባቸው ይበቃል። በስም የተጠራ ሹም ሲነሣ ፊልሙም አብሮት ይነሣል።

ለጋዜጣችሁ ያለን ጥያቄ ግልጽ ነው። ይህን ዓይነት ፊልም፣ የውጭም ይሁን የአገር ውስጥ፣ ስትገመግሙ ገምጋሚው ምን እንደተጨሰ ወይም እንደተቃመ ከመቁጠሩ በፊት ማን ከሰሰ፣ በምን ከሰሰ፣ ጀግናው በእርግጥ ያጠፋው ምን ነበር የሚሉትን ይጻፍልን። ክፍል 2 ሲሆን ደግሞ ከማስተዋወቂያው የተረፉት ገጾች የት እንደዋሉ ይንገረን። የአገር ውስጥ ኮሜዲ ከሆነም ከጽሑፉ የአንድ ቢሮ ትዕይንት ሁለት ገጽ ከደራሲው ፈቃድ ጋር አትሙት፤ ጀማሪ ጸሐፊዎች የታተመ የፊልም ጽሑፍ የሚያዩበት ቦታ የላቸውም።

ከአክብሮት ሰላምታ ጋር
የፊልም ጽሑፍ ባለሙያዎች
ፒያሳ፣ አራዳ ክፍለ ከተማ